በቁሜ የተለቀሰብኝ ክረምት

የረጠበ ሸራ ሽታ አልወድም። በጋውን ሙሉ ፀሐይ ሲመታው ከርሞ የክረምት ዝናብ ያገኘው ሸራ የራሱ ሽታ አለው፤ የቆዳ ይመስላል፣ የጭቃ ይመስላል፣ ጥቂት ደግሞ የላምባ ይመስላል። በቀደም እዚህ ንፋስ መውጫ፣ ትምህርት ቤቱ ሜዳ ላይ፣ ከቀያቸው ለተፈናቀሉ ሰዎች ድንኳን ተተክሎ እኔም እንደ ሰው ዳቦ በዘንቢል ይዤ ሄድሁ። ገና ከአጥሩ ሳልገባ ያ ሽታ መጣና አቆመኝ።

እዚያው ቆሜ ትንፋሼን ስሰበስብ የመጨረሻ ልጄን ትዕግሥትን አየኋት። ከጓደኞቿ ጋር ለእርዳታ መዋል ከጀመረች ሰንብታለች፤ ጎሽ ብዬ ነበር። አንዲት ጥርሷ የወለቀ ሕፃን ፊት ተንበርክካ ስልኳን ደግናባታለች። ሕፃኗ ትስቃለች። ልጄ ደግሞ በለሰለሰ ድምፅ፣ "አትሳቂ እንጂ የኔ ቆንጆ። እንደሱ ከሆነ ማን ያዝንልሻል?" ትላታለች።

እንዴት እንደደረስሁ አላውቅም። ስልኩን ከእጇ መነጨቅሁት።

"እማዬ፣ ምን ሆነሽ ነው? ሰው ፊት?" አለችኝ።

"ሳቋ ምን አደረገሽ?" አልኋት። እንባ ቀደመኝ። ስልኩን በጉያዬ ይዤ ወደ ቤት ገባሁ። ከዚያ ወዲህ ልጄ ከእኔ ጋር አትነጋገርም፤ ስትበላ እንኳ ጀርባዋን ሰጥታ ነው። እሷ ተምራለች። እኔ ፊደል የቆጠርሁት ካገባሁ በኋላ በመሠረተ ትምህርት ነው፤ ነገር በአፌ ሳስረዳ ይጠፋኛል፣ ያስፈራኛልም። በወረቀት ላይ ግን ማንም አያቋርጠኝም። ስለዚህ ጻፍሁት።

በጃንሆይ ዘመን ነው። ዓመተ ምሕረቱን አልጠራም፤ ያኔ ዓመት የሚቆጥሩት ቄሱ ነበሩ፣ እኔ ጥርሴን እያወለቅሁ ነበር። አገራችን ስማዳ ነው፤ ከወገዳ ወደ በሽሎ ቁልቁል ሲወረድ ቆላው የሚጀምርበት። አንድ ዓመት ዝናቡ ቀረ። በሁለተኛው ዓመት መጣና እህሉ ሊያሽት ሲል ጥሎን ሄደ። ከሁለቱ በሬዎቻችን አንዱ ሞተ፣ አንዱ ተሸጠ። ግንቦት ላይ አባቴ ከመንደሩ ጎልማሶች ጋር ሰቲት ወረደ፤ ሰሊጥና ጥጥ ሊያርም።

ሲሄድ ለእናቴ፣ "መስቀልን እዚሁ ነኝ" አላት። እኔን ደግሞ ጆሮዬን በሁለት ጣቱ ቆንጠጥ አድርጎ፣ "እስክመጣ እንዳታድጊብኝ" አለኝ። የምሩን መሰለኝ። ያን ክረምት እንዳላድግ ስጠነቀቅ ከረምሁ፤ ቁመቴን በድንኳኑ ምሰሶ ላይ እየለካሁ። መቼስ ምግቡም አግዞኛል።

አባቴ ከሄደ በኋላ የጎተራው ወለል ተጠረገ። ሰው ሁሉ፣ "ንፋስ መውጫ ለተራበ ስንዴ ይሰፈራል" ይል ጀመር። እናቴ፣ እምዬ ነበር የምላት፣ ስሟ ጠጄ ነው፣ በሩን በእሾህ ዘጋችና አንድ አጎዛ፣ አንድ ምንቸትና የወፍጮአችንን መጅ አዝላ ተነሣች። መጅ ማለት ወፍጮው ላይ በእጅ የሚገፋው ድንጋይ ነው። ጎረቤት ሲስቅባት፣ "ወፍጮው ከነመደቡ ነው፣ አይነሣ። መጁን ከያዝሁት ማንም ቤቴ ገብቶ አይፈጭበትም" አለች። ለእሷ የቤቱ ቁልፍ ነበር። በአርብ ገበያ በኩል ዳገቱን ስንወጣ ሰው ልጁን ሲያዝል እሷ ድንጋይ አዝላ እኔ በእግሬ ስከተላት፣ ያየን ሁሉ ራሱን ይነቀንቅ ነበር።

ከከተማው በታች፣ ነፋሱ እንደ ልቡ በሚነዳው ሜዳ ላይ፣ ሸራ ድንኳኖች ተተክለው ነበር። ከስማዳ፣ ከእስቴ፣ ከታች ጋይንት፣ ከበሽሎ ማዶም የመጣ ሰው ሞልቶታል። የእኛን ድንኳን የሚጋሩን እማሆይ ትርንጎ የሚባሉ የእስቴ መነኩሴ ነበሩ፤ ጥርስ የላቸውም፣ ምላሳቸው ግን ለሁላችንም ይበቃ ነበር። እናቴ መጁን ከጀርባዋ ስታወርድ አይተው፣ "ጠጄ፣ ሰው ታቦት ይዞ ይሰደዳል፤ አንቺ ድንጋይ ይዘሽ?" አሏት።

"ታቦቱማ ቄስ አለው እማሆይ፤ ድንጋዬ ከእኔ በቀር ማን አለው?"

"ይሁን። ራስጌዬ አታድርጊብኝ እንጂ፤ ለመቃብሬ ቸኩላለች እላለሁ።"

ያ ድንጋይ የኔ ሥራ ሆነ። ስንዴው በጣሳ የሚሰፈረው በሜዳው ጫፍ ነው። ሰው ሌሊቱን በዝናብ ቆሞ ማደር ስለማይችል ተራውን በድንጋይ ይይዛል። ሁሉም የራሱን ድንጋይ ያውቃል፤ ቀይ አለ፣ ባለ ቀዳዳ አለ፣ በከሰል መስቀል የተደረገበት አለ። የድንጋዩን ረድፍ ማንም አይነካውም። ሌባም አይነካውም። አንድ ሰው ሌሊት ቢሞት እንኳ ድንጋዩ ተራው እስኪደርስ እዚያው ይጠብቅና ስፍሩን ቤተ ዘመዱ ይወስድለታል። እኔ በማለዳ ሄጄ መጃችን አጠገብ እቀመጥ ነበር። በዚያ ሁሉ ጥቁር ድንጋይ መካከል እሱ ብቻ ለስልሶ፣ መሐሉ በእናቴ እጅ ጎድጉዶ፣ ከሩቅ ይለያል።

ፈረንጁ የመጣው ሐምሌ ላይ ነው። ጢሙ ቀይ ነው፣ ሲራመድ ጭቃውን እንደ ድመት ይጠየፋል። ሳጥን ነበረው፣ ሳጥኑ ደግሞ አንድ ዓይንና ሦስት ረጃጅም እግር አለው። አብሮት የመጣው አስተርጓሚ ያገራችን ሰው ነው፤ ከየት እንደሆነ አልነገረንም፣ እኛም "ባለ ኮፍያው" ነበር የምንለው። ኑሯችንን በፊልም ሊያነሡ እንደመጡ እሱ ነገረን። ፊልም ምን እንደሆነ አላወቅንም። ኑሮ የሚነሣ ነገር መሆኑ ግን ደስ አለን፤ ያንን ኑሮ ማን ቢያነሣልን እንጠላለን?

የመጀመሪያው ቀን ሥራቸው ይኸውላችሁ። ሦስት እግሩ ደልደል ብሎ እንዲቆም፣ ሜዳውም ጠርቶ እንዲታይ፣ ባለ ኮፍያው ሁለት ሠራተኞች አዘዘና የድንጋዩን ረድፍ ለቅመው ከጥግ ከመሩት። እኔ መጄ ላይ ተቀምጬ አለቅስ ነበር፤ እኔን በክንዴ ይዘው፣ እሱን በእግራቸው ገፉን።

ስፍር ሲጀመር ሰዉ መጣ። ድንጋይ የለም። ፊተኛው "እኔ ነኝ" አለ፣ ኋለኛው "እኔ ነኝ" አለ። ለሳምንታት አንድ ቀን ያልተጣላ ሰው ተያያዘ። አሮጊቶች ወደቁ። ፈረንጁ ታዲያ ሳጥኑን እያሽከረከረ ያን ግፊያ አነሣ። እስከ ዛሬ የሚያንገበግበኝ ይኼ ነው። ተራችንን አፍርሶ ስንጋፋ አነሣን፤ ያየው ሰው ሁሉ ተራ የማያውቁ ሰዎች ሲል ይኖራል።

እማሆይ መቋሚያቸውን ተደግፈው ባለ ኮፍያው ዘንድ ሄዱ። "ልጄ፣ ምን ለቀምህ?" አሉት።

"ድንጋይ ነዋ እማሆይ። ሜዳ ማጽዳት ምን ነውር አለው?"

"ድንጋይ አይደለም የለቀምኸው። ሰው ነው።"

ሳቀ። ያን ቀን ስንዴው እኛ ጋ ሳይደርስ አለቀ።

ከዚያ ወዲያ ፈረንጁ ከእኛ ጋር ዋለ። ቅማል ስንቀማመል ያነሣል፣ እንጨት ስንለቅም ያነሣል፣ እናቶች ንፍሮ ሲቀቅሉ ከጢሱ ውስጥ ገብቶ እያሳለ ያነሣል። ስንበላ ግን አልሆነለትም። በእኛ አገር በባዳ ፊት አፍ ከፍቶ አይበላም፤ ዓይን ይወጋል። ሴቶቹ ነጠላቸውን በፊታቸው ጥለው ጀርባቸውን ያዞሩበታል። እሱ ሦስት እግሩን ተሸክሞ ሲዞር እነሱም ይዞራሉ። ጭፈራ ይመስል ነበር፤ እኛ ልጆች ሆዳችንን ይዘን እንስቃለን። ባለ ኮፍያው፣ "ፊታችሁን ግለጡ፣ ስትበሉ ሊያያችሁ ነው የመጣው" ይላል።

"ሰው ሲበላ የሚያይስ ቡዳ ነው ይባል ነበር" አሉ እማሆይ ከነጠላቸው ሥር። "ይኼኛው ደግሞ ዓይኑን በሦስት እግር አቁሞ ነው የሚያይ።"

አንድ ቀን ያገሩ ሹም፣ ምስለኔው፣ ሊጎበኙ ይመጣሉ ተባለ። ከምስለኔው የተላከ ሰው ልብሳችንን እንድናጥብ፣ የታመመ ከድንኳን እንዳይወጣ፣ ወፈር ያለ ሰው ካለ ከፊት እንዲቆም አዘዘ። ወፈር ያለ ሰው ጠፋና ራሱ ከፊት ቆመ። ምስለኔው በበቅሎ መጥተው፣ "ደህና ናቸው እኮ" ብለው ሄዱ። በማግስቱ ባለ ኮፍያው መጥቶ፣ ፈረንጁ ከፍቶታል አለን፤ ለምን ታጠባችሁ ብሎ። ሹሙ ጠግበን እንድንታይ ፈለገ፣ ፈረንጁ ተርበን እንድንታይ ፈለገ። እኛን ምን እንደምንመስል የጠየቀን የለም።

እኔ ግን ሳጥኑን ወድጄው ነበር። ባለ ኮፍያው አንድ ቀን ለእናቶች፣ "ይኼ የሚነሣው ምስል እዚህ አይቀርም፤ አገር ላገር ይዞራል" ሲላቸው ሰምቼ ሱሪውን ያዝሁት።

"ሰቲትም ይደርሳል?"

"ሰቲት? ከሰቲትም ያልፋል" አለና ራሴን ዳበስ አደረገኝ።

በቃ። አባቴ ሊያየኝ ነው። እንደኔ ሐሳብ፣ በዚያ ዓይን የገባ ሰው ትንሽ ሆኖ ሳጥኑ ውስጥ ይቀመጣል፤ ሰቲት ሲደርስ ይከፍቱታል፤ አባቴ ጎንበስ ብሎ ያየኛል፤ እኔም እንዳላደግሁ ያውቃል። ከዚያ በኋላ ሳጥኑ በዞረበት ሁሉ እኔ ከፊት ነኝ። ጥርስ የሌለው ድዴን እያሳየሁ እስቃለሁ። ባለ ኮፍያው፣ "አትሳቂ" ይለኛል። ፈረንጁ እንኳ ቃሏን ለመዳት፤ ከአማርኛ መጀመሪያ ያወቀው "አትሳቂ"ን ይመስለኛል።

ነሐሴ ላይ ኩፍኝ ገባ። ከእኛ ሁለት ድንኳን አልፎ ያለች አንዲት የታች ጋይንት ሴት ወንድ ልጇ ሞተባት። ጎሕ ሲቀድ ከቤተ ክርስቲያኑ አጥር ሥር ቀበርነው፤ ካህኑ ፈቱት፣ ሴቶች አለቀሱ፣ ተመለስን። ፈረንጁ ከከተማ የደረሰው ፀሐይ ከወጣ በኋላ ነው። ነገሩን ሲሰማ ባርኔጣውን መሬት ላይ መታው። ለልጁ አዝኖ መስሎኝ ወደድሁት።

ባለ ኮፍያው ወደ ሐዘንተኛዋ ድንኳን ሄደ። እማሆይ ከበሩ ላይ ነበሩ።

"እማሆይ፣ ያችኑ ለቅሶ አንድ ጊዜ ብቻ እንድትደግምልን ነው።"

"ምኗን?"

"ለቅሶዋን። ፈረንጁ አላገኘውም።"

እማሆይ መቋሚያቸውን በበሩ አግድመው ያዙ። "የቀበረችውንም አውጥታ ታሳይህ?" አሉት። ድምፃቸውን ከፍ አላደረጉም። ባለ ኮፍያው ወደ ኋላ አለ።

ወደ እኛ መጣ። እኔ እንደ ልማዴ ከፊት ነበርሁ። "ይቺ ልጅ ትሁን" አለ ለእናቴ። "እዚህ ትተኛልን። ነጠላ ይደረብባታል፤ አንቺ ታለቅሻለሽ። የውሸት ነው።"

"ለቅሶ የውሸት አለው?" አለች እናቴ።

"ፊልም ነው እኮ እናቴ።"

"ሟርት ነው። በቁሟ ባለች ልጅ ላይ ሙሾ ባወርድ ሞት ጆሮ የለውም? ሰምቶ ይመጣል። ከታች ሁለት ድንኳን ላይ ነው ያለው፣ ሩቅ አይደለም።"

ባለ ኮፍያው ወደ ፈረንጁ ዞሮ ተነጋገረ፣ ተመለሰ። "ይኼ ሰው ካልተደሰተ የስንዴው መኪና አይመጣም" አለ። እንዲያ ያለው ፈረንጁ ይሁን፣ ባለ ኮፍያው ከራሱ ይጨምረው፣ እስከ ዛሬ አላውቅም።

ሴቶቹ ተሰብስበው ነበር። ሁሉም ልጅ አዝለዋል ወይም ይዘዋል። አድርጊው ያላት የለም፤ ተዪውም ያላት የለም። እናቴ አንድ በአንድ አየቻቸው። እነሱም መሬት መሬት አዩ። እኔ ደግሞ ቀሚሷን እየጎተትሁ፣ "እምዬ፣ እሺ በይ። አባዬ እኮ ሊያየኝ ነው" እላታለሁ።

እናቴ አጎዛዋን አመጣች። ፈረንጁ አጎዛውን አልወደደውም፤ ድንኳኑ ውስጥም ጨለማ ነው ብሎ ወደ ውጭ አወጣንና ከመንገዱ አጠገብ፣ ዝናብ የመታው ሸራ አስነጠፈ። በዚያ ላይ ተኛሁ። ቀዝቃዛ ነበር። እናቴ ነጠላዋን ከራሴ እስከ እግሬ አለበሰችኝ። ከዚያ መጁን አምጥታ ከእግሬ በኩል የነጠላውን ጫፍ ጫነችው። ለሚያይ ሰው ነፋሱ እንዳይገልጠው ይመስላል። ለእኔ ግን በነጠላው ላይ ጎንበስ ብላ፣ "እዚህ ነሽ። የትም አትሄጂም" አለችኝ።

መጀመሪያ ሳቄ መጣ፤ ከንፈሬን ነከስሁት። ብርሃኑ በነጠላው ጥለት በኩል ቀይ ሆኖ ይገባል። የሸራው ሽታ አፍንጫዬን ሞላው። የሳጥኑ ድምፅ ተነሣ፤ ቆሎ ሲንጣጣ ይመስል ነበር። ያኔ ነው የገባኝ። አባቴ ይኼን ሊያይ ነው። ሳጥኑን ሲከፍቱለት የሚያገኘው ነጠላ የለበሰ ሬሳ ነው።

"እምዬ" አልሁ ቀስ ብዬ። "አባዬ ሞታለች ይላል።"

"ዝም በይ" አለች ከላዬ። "እኔ እነግረዋለሁ።"

ከዚያ እናቴ ጀመረች። ዜማው የለቅሶ ነው፤ ደረቷን ትመታለች፣ ወዲያና ወዲህ ትወዛወዛለች። ቃሉ ግን ሌላ ነበር።

እሹሩሩ እንጂ ወዬ አልልሽም፣
ዓይንሽን ከድነሽ ነው፣ ሞት አልወሰደሽም።

ሴቶቹ ተያዩ። ከዚያ እማሆይ ትርንጎ በዚያ በተሰነጠቀ ድምፃቸው፣ "እሹሩሩ" ብለው ተቀበሏት። ሁሉም ተከተሉ። ደረት እየተመታ፣ ፊት እየተያዘ፣ እሹሩሩ።

እህል ፍለጋ ነው የወጣሁት ከደጅ፣
አልቅሽ አሉኝ ዛሬ በምትስቀው ልጅ።

ሰቲት የወረድህ የአንጓች አባት፣
ልጅህ አልሞተችም፣ እንቅልፍ ነው የያዛት።

አንጓች እኔ ነኝ። ስሜን ስትጠራ ልቤ ተመለሰ። እንግዲህ አባቴ ይሰማል፣ ድምፅዋን ያውቀዋል፣ ነገሩን ይረዳል። ያን ጊዜ የእውነት እንቅልፍ ሊወስደኝ ምንም አልቀረው። ኋላ እማሆይ እንደነገሩኝ፣ ባለ ኮፍያው ገና በመጀመሪያው ስንኝ ኮፍያውን አውልቆ በእጁ ያሽ ነበር፤ ለፈረንጁ ግን አንድ ቃል አልነገረውም። ፈረንጁ ደግሞ ዓይኑን በእጀታው ጠረገ። በእሹሩሩ አለቀሰ።

የሳጥኑ ድምፅ ሲቆም እናቴ ነጠላውን ገፍፋ ወረወረችው። "ተነሺ። ዝለይ" አለችኝ። ዘለልሁ። "አሁንም ዝለይ።" ጭቃው እስኪረጭ ዘለልሁ። እንትፍ እንትፍ አለችብኝ፤ ሴቶቹ ሁሉ ተራ በተራ መጥተው እንትፍ እንትፍ አሉብኝ፤ ፊቴ ረጠበ።

ባለ ኮፍያው ሦስት እግሩን ሲያጣጥፍ እናቴ ቀረበችው። "ድምፄ ይሰማል አይደል?" አለችው። "ሰቲት ድረስ?"

"የቱ ድምፅ?"

"አሁን ያልሁት።"

"እናቴ፣ ይኼ መሣሪያ ድምፅ አይይዝም። ምስል ብቻ ነው።"

እናቴ መጁን አቅፋ ቆማ ነበር። "ታዲያ ልጄ ምን ሆነች ይላል የሚያይ ሰው?" አለችው።

እሱ ዕቃውን መሸከፉን አልተወም። "እዚያ እሷን ማን ያውቃታል ብለሽ ነው" አላት።

በሳምንቱ ሄዱ። የስንዴው መኪናም መጣ፤ ከዚያ በፊት ሁልጊዜ ይመጣ በነበረበት ቀን፣ ያው ሹፌር፣ ያው ስንዴ። እንግዲህ ፍረዱ።

አባቴ ግን ያን ነገር ያለ ሳጥንም ሰማው። ከመንገዱ አጠገብ ሲለቀስብኝ አንድ ያገራችን የጨው ነጋዴ አህያውን እየነዳ ሲያልፍ አይቶናል። ደግ ሰው ነው። ሴቶች ደረት ሲመቱ፣ ጠጄ ተንበርክካ፣ ከፊቷ ነጠላ የለበሰች ልጅ። ቃሉን ነፋሱ ወሰደው፤ የሰማው ዜማውን ብቻ ነው። ሐዘን ላይ ገብቶ መጠየቅ ቢያምረውም ኩፍኝ ገብቷል ስለተባለ ፈራና አለፈ። መርዶ ደግሞ በሆድ አይያዝም። ጎንደር ሲደርስ ለሰቲት ወራጆች ነገራቸው፤ እነሱም ሽማግሌ ሰብስበው፣ በማለዳ፣ እንደ ወጉ አባቴን አረዱት።

መስቀል አለፈ፤ አባቴ አልመጣም። አደይ አበባው መርገፍ ሲጀምር፣ አንድ ጠዋት እኔ ከድንጋዩ ረድፍ መጄ አጠገብ ተቀምጫለሁ። አንድ ሰው መጣ። ራሱ ሙልጭ ተላጭቷል፤ ጋቢው በጭቃ ተነክሮ ጠቁሯል፤ እግሩ አብጧል። ባሕታዊ መሰለኝ። እኔን አላየኝም። የሚያየው መጁን ነበር።

"ይኼ መጅ የማን ነው?" አለ።

"የኛ ነው።"

"ይኼን መጅ የወቀርሁት እኔ ነኝ" አለ ለራሱ። ከዚያ ቀስ ብሎ ወደ እኔ ዞረ። ከፊቴ ቁጢጥ አለና እጁን ዘረጋ። ጆሮዬን በሁለት ጣቱ ያዘ። ቆንጠጥ አደረገኝ።

በዚያ አወቅሁት። "አባዬ" አልሁት፣ "አላደግሁም።"

አባቴ መሬት ላይ ተቀመጠ። ጆሮዬን አልለቀቀውም። ሰዉ መጥቶ ከበበን፣ ስፍር ተጀመረ፣ ረድፉ ተንቀሳቀሰ፤ እሱ ጆሮዬን እንደያዘ ነበር።

እናቴ ከወንዝ ውሃ ይዛ ስትመጣ ራሱን አየችው። በእኛ አገር ወንድ እንዲያ የሚላጨው ቅርብ ሰው ሲሞትበት ነው። እንስራዋን ሳታወርድ፣ "ለማን ነው?" አለችው። በአገጩ ወደ እኔ አሳያት። እንስራው ከጀርባዋ ተንሸራተተ።

ማታ ድንኳን ውስጥ ሁሉንም ነገረችው። ባለ ኮፍያውን፣ መኪናውን፣ ሸራውን። አባቴ አልተቆጣም። ሁሉን ሰምቶ፣ "ምን እያልሽ ነበር ያለቀስሽባት?" አላት ብቻ። እናቴ ዓይኗን ጨፍና፣ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ ደገመችለት። እሹሩሩ እንጂ ወዬ አልልሽም። እማሆይ ከጥጋቸው ተቀበሏት። "የአንጓች አባት" የሚለው ላይ ስትደርስ አባቴ በተላጨ ራሱ ላይ እጁን ጫነ። ያ ሰው ሰቲት ላይ፣ በማያውቀው ሰው መካከል፣ ለእኔ ድንኳን ጥሎ ሲያለቅስ ሰንብቷል።

"እንዲያ ነበር የምትዪው" አለ ስትጨርስ።

ያን ፊልም ማን እንዳየው አላውቅም። ዛሬም በአንድ አገር፣ በአንድ ዕቃ ቤት ተጠቅልሎ ተቀምጦ ይሆናል። የዚያ አገር ሰው ባየው ቁጥር እኔ እሞታለሁ፣ እናቴ ታለቅሳለች፣ እሱም ከንፈሩን ይመጥጣል። እናቴ ምን እንዳለች ግን አያውቅም። እኔ ይኸው ልጆች ወልጄ፣ ጥርሴ በቅሎ እንደገና መርገፍ ጀምሮ፣ በሕይወት አለሁ።

ትዕግሥት፣ ይኼን ለአንቺ ነው የጻፍሁት፣ ሌላም ሰው ያንብበው። የንፋስ መውጫ ብርድ ሰውን ሁሉ ተከናንቦ እንዲተኛ ያደርጋል፤ አባቴ ግን ከዚያ ማታ ጀምሮ እስኪያርፍ ድረስ ፊቴን ሸፍኜ እንድተኛ አልፈቀደልኝም። ከእንቅልፉ እየነቃ ይገልጠኝ ነበር። ጋቢውን ከፊትሽ ስገፍፈው "እማዬ በረደኝ፣ ተዪኝ" እያልሽ የምትነጫነጪብኝ እኔም ከእሱ ስለወረስሁት ነው። እንድትሞቂ እፈልጋለሁ፤ ስትተነፍሺ ማየት ግን ይበልጥብኛል።

ስልክሽ ቁም ሳጥኑ ላይ፣ ከጧፉ አጠገብ ነው። ያንቺው ድምፅም ይይዛል ብለሽኛል። ነገ ስትሄጂ እኔም እከተልሻለሁ፤ የዚያችን ልጅ እናት ፈልጊልኝ፣ አባቷ የት እንደሄደ እጠይቃታለሁ። ልጅቷም መሳቅ ካማራት ትሳቅ።